«ሆዴን አመመኝ»፦ ልጆች ሲጨንቃቸው እንዴት ይነግሩናል?

የእህቴ ልጅ ሰባተኛ ክፍል ሳለች እሑድ ማታ ሆዷን ያማት ነበር። ሰኞ ጠዋት ይብስባታል። ቁርስ አይወርድላትም፤ አንዳንዴም ያስመልሳታል። እናቷ ክሊኒክ ወሰደቻት። ሰገራዋ ታየ፤ ደሟ ተመረመረ። ጃርዲያ ነው ተባለና መድኃኒት ወሰደች። ብዙም ሳይቆይ ተመለሰባት። ሌላ ቦታ ደግሞ ታይፎይድ አሉ። የእሱንም መድኃኒት ጨረሰች። ቅዳሜ ግን ደህና ናት። ትበላለች፣ ትስቃለች፣ ከጎረቤት ልጆች ጋር ትሯሯጣለች። እሑድ ጀንበር ማዘቅዘቅ ስትጀምር ሆዷን ይዛ ትቀመጣለች።

ቤተሰቡ ሁለት ቦታ ተከፈለ። አያቷ «የሰው ዓይን ነው» አሉ። አባቷ «ትምህርት ሰልችቷት ነው፤ እያስመሰለች ነው» አለ። እኔም ከአባቷ ጋር ነበርኩ። ዛሬ ሳስበው ያንገበግበኛል። ልጅቷ አላስመሰለችም። በእውነት ያማት ነበር።

ነገሩ የወጣው ለበዓል ዶሮ ሽንኩርት ስንልጥ ነው። ማጀት ውስጥ እኔና እሷ ብቻ ነበርን። የሁለታችንም ዓይን እንባ አቅርሯል። እንዲሁ ለወሬ ያህል «ሰኞ ጠዋት ምን ክፍለ ጊዜ ነው ያላችሁ?» አልኳት። «ሒሳብ» አለች። ትንሽ ቆይታ ቀጠለች። መምህሩ ሰኞ ሰኞ ያለፈውን ሳምንት የፈተና ውጤት ጮክ ብሎ ያነባል። ከዝቅተኛው ይጀምራል። ስሙ የተጠራ ልጅ ይቆማል። አንድ ቀን መጀመሪያ የተጠራችው እሷ ነበረች። ክፍሉ ሳቀ። ከዚያ ወዲህ ቅጽል ስም ወጣላት። አራት ወር ሙሉ ለማንም ትንፍሽ አላለችም። ሲናገር የከረመው ሆዷ ነው።

ያን ጊዜ እንደኔ የሚያስቡ ወላጆች፣ አክስቶችና አጎቶች ብዙ መሆናቸውን አውቃለሁ። ይህን የምጽፈው ለእነሱ ነው።

ሆድ ለምን ያማል?

አማርኛችን ይህን ነገር ድሮም ያውቀዋል። ስንሰጋ «ሆዴ ፈራ» እንላለን። ስናዝን «ሆዴ ባባ»፣ ስንቀየም «ሆድ ባሰኝ» እንላለን። ምስጢራችንን ለወዳጅ ስናካፍል «የሆዴን ነገርኩት» ነው የምንለው። ልጅ «ሆዴን» ሲል ግን አሜባ ፍለጋ እንሮጣለን።

ሕክምናውም ከቋንቋው ብዙ አይርቅም። አንጎል አደጋ አየሁ ሲል ሰውነትን በሙሉ ያስነሳል። አድሬናሊንና ኮርቲዞል የሚባሉ ሆርሞኖች ይለቀቃሉ። ልብ ይፈጥናል፤ ትንፋሽ ያጥራል። ደም ከሆድ ዕቃ ወደ እጅና እግር ጡንቻ ይሄዳል፤ ሰውነት ለመሮጥ ወይም ለመታገል እየተዘጋጀ ነው። ምግብ መፍጨት በዚያ ሰዓት ቅድሚያ የሚሰጠው ሥራ አይደለም። አንጀት ደግሞ በራሱ እጅግ ብዙ ነርቮች አሉት፤ ከአንጎል ጋር ያለማቋረጥ ይነጋገራል። ስለዚህ ቁርጠቱም፣ ማቅለሽለሹም፣ ተቅማጡም እውነተኛ ነው። አደጋው ጅብ ይሁን የሒሳብ ክፍለ ጊዜ፣ ሰውነት የሚያሳየው ያንኑ ድንጋጤ ነው።

ትልቅ ሰው ቢያንስ ስም ያወጣለታል። «ጨንቆኛል»፣ «ሥራው ከብዶኛል» ይላል። የስምንት ዓመት ልጅ ይህ ቃል ገና የለውም። ያለው ራስ ምታት፣ ሆድ ቁርጠት፣ ለቅሶና ቁጣ ነው። ትንንሾቹ ደግሞ ትተውት የነበረውን ነገር መልሰው ይጀምራሉ። አልጋ ላይ መሽናት ያቆመ ልጅ ይሸናል፤ ብቻውን ይተኛ የነበረ ከእናቱ ጎን አልለይም ይላል።

በጨዋታም ይናገራሉ። ባለፉት ዓመታት በትግራይ፣ በአማራ፣ በአፋርና በኦሮሚያ ጦርነት ያዩ ልጆች ያዩትን ደጋግመው ይጫወቱታል። አንዱ ይተኩሳል፤ ሌላው ወድቆ ይሞታል፤ እንደገና ይነሳሉ፤ እንደገና ይተኮሳል። ወላጅ «ይሄን ክፉ ጨዋታ ተዉ!» ብሎ ይቆጣል። ልጁ ግን በአፉ ሊያወጣው ያልቻለውን በጨዋታ እያወጣ ነው። አጠገቡ ቁጭ ብሎ «ከዚያስ? አሁን ማን ይርዳው?» ማለት ከቁጣው ይሻላል። ጨዋታው ለወራት ያው ከሆነና ልጁ ሌሊት እየባነነ የሚጮህ ከሆነ ባለሙያ ማየት አለበት።

ይህን ስል ሆዱን ያመመው ልጅ ሁሉ ተጨንቋል እያልኩ አይደለም። ትኩሳት፣ ሰገራ ላይ ደም፣ ክብደት መቀነስ ወይም ልጁን ከእንቅልፍ የሚቀሰቅስ ሕመም ካለ ሐኪም መጀመሪያ ይየው። ከዚያ ግን ቀኑን ቁጠሩ። ሕመሙ የሚመጣው መቼ ነው? ቅዳሜና ክረምት ይጠፋል? ከአንድ ትምህርት፣ ከአንድ ሰው፣ ከአንድ መንገድ ጋር ይመጣል? የእህቴ ልጅ ሕመም ካሌንደር ጠብቆ ይመጣ ነበር። ጃርዲያ ግን ሰኞን ከቅዳሜ አይለይም።

ሩኅሩኅ ወላጅ የሚሳሳትበትን አንድ ነገር ልጨምር። ልጁ ሲያለቅስ «እሺ፣ ዛሬ ቅር» ማለት ቀላል ነው። ልጁም ወዲያው ይሻለዋል። ግን አንጎሉ አንድ ትምህርት ቀሰመ፦ «ቀረሁ፤ ስለዚህ ተረፍኩ።» በማግስቱ ፍርሃቱ ይጨምራል። ሳምንት የቀረ ልጅ አንድ ቀን ከቀረው ይልቅ መመለስ ይከብደዋል። በግድ ጎትቶ መውሰድም መፍትሔ አይሆንም፤ የሚያስፈራውን ነገር ማንሳት ይቀድማል። ከዚያ ቀስ በቀስ ይመለሳል፦ አንድ ቀን እስከ በሩ፣ ሌላ ቀን እስከ እረፍት፣ ከዚያ ሙሉ ቀን።

«ደበረኝ» ሲልስ?

የከተማ ልጅ አፍ ላይ «ደበረኝ» የሚለው ቃል አይጠፋም። ፊልሙ ደባሪ ነው። ምሳው ደባሪ ነው። አጎቱም ደባሪ ነው። ሐኪሞች ድብርት የሚሉት ሕመም ስያሜም የዚሁ ቃል ዘመድ ነው። ለዚህ ይመስለኛል እውነተኛው ድብርት ሲመጣ የማንሰማው። ቃሉን ለምደነዋል።

ልዩነቱን ለማወቅ ቃሉን ትታችሁ ኑሮውን እዩ። ከጓደኛው ተጣልቶ ሦስት ቀን የከፋው ልጅ ጤነኛ ነው። ሁለት ሳምንትና ከዚያ በላይ፣ ቀኑን ሙሉ ለማለት በሚቻል ሁኔታ፣ ቤትም ትምህርት ቤትም ጓደኛም ጋ የጠቆረ ልጅ ግን ሌላ ነው። ይወደው የነበረውን ኳስ ተወ? ከእንቅልፉ አልነሳ አለ ወይስ ሌሊቱን አይተኛም? ምግብ ቀነሰ ወይስ ያለመጠን ይበላል? «እኔ ለምንም አልረባም» ማለት አበዛ? ደብተር ገልጦ አንዱን ገጽ አንድ ሰዓት ያያል? ከእነዚህ ብዙዎቹ አብረው ከመጡ አመል ወይም ስንፍና አትበሉት።

ብዙ ቤተሰብ የሚያመልጠው ደግሞ ይህ ነው፦ ጉርምስና ላይ ድብርት ሁልጊዜ ሐዘን አይመስልም። ቁጣ ይመስላል። ልጁ አያለቅስም፤ በር ይወረውራል። በትንሽ ነገር ይጮኻል፤ ለእናቱ ክፉ ይመልሳል። «ጓደኛ አበላሸው»፣ «ዱርዬ ሆነ» ይባላል። ከዚያ ቅጣት ይከተላል። ከቅጣቱ በኋላ ደግሞ የባሰ ይዘጋል።

ነገሩ የጥቂት ቤት ጉዳይ አይደለም። የዓለም ጤና ድርጅት እንደሚለው ከ10 እስከ 19 ዓመት ካሉ 7 ልጆች አንዱ የአእምሮ ጤና ችግር አለበት። በትልልቅ ሰዎች ላይ ከሚታዩት የአእምሮ ጤና ችግሮችም ግማሽ ያህሉ የሚጀምሩት ከ18 ዓመት በፊት ነው። ከ7 አንዱን 40 ልጆች ባሉበት ክፍል ስታስቡት አምስት ወይም ስድስት ልጆች ማለት ነው። እያንዳንዳቸው ወንበራቸው ላይ ቁጭ ብለዋል፤ ብዙዎቹም ዝም ብለዋል።

የዕድሜውን ጠባይም ማወቅ ይረዳል። ስሜትን የሚያቀጣጥለው የአንጎል ክፍል በጉርምስና ጊዜ በጣም ንቁ ነው። አስቦ የሚያረጋጋውና የሚያመዛዝነው የፊተኛው ክፍል ግን ብስለቱን የሚጨርሰው ሃያዎቹን አጋምሶ ነው። እንቅልፉም ይዘገያል፤ ለመተኛት የሚያዘጋጀን ሜላቶኒን የሚባለው ሆርሞን በዚህ ዕድሜ አምሽቶ ይመጣል። የጎረምሳ አለመተኛት ሁሉ እልኸኝነት ያልሆነው ለዚህ ነው። ሆኖም ከ13 እስከ 18 ዓመት ያለ ልጅ በቀን ከ8 እስከ 10 ሰዓት እንቅልፍ ያስፈልገዋል። እስከ ሌሊቱ 7 ሰዓት ቴሌግራምና ቲክቶክ ላይ አምሽቶ 12 ሰዓት የሚነሳ ልጅ የተኛው 5 ሰዓት ነው። በሳምንት ምን ያህል እንደሚጎድልበት አስሉት። ስልክ ከመንጠቅ ይልቅ የቤቱ ስልክ ሁሉ ማታ ሳሎን ቻርጅ ላይ እንዲያድር ማድረግ ይሻላል፤ የአባትም የእናትም ጭምር። ለጥናት ተብሎ የሚቃመው ጫትም እንቅልፍ ይነሳል፤ ምርቃናው ሲወርድ ደግሞ ድባቴና ብስጭት ይዞ ይመጣል።

ምን ብለን እንጀምር?

«ምን ጎደለህ? በልተህ ታድራለህ። እኛ በናንተ ዕድሜ በባዶ እግራችን ስንት ሰዓት ሄደን ነው የተማርነው!» ይህን ያልሰማ የኢትዮጵያ ልጅ ያለ አይመስለኝም። ወላጅ ይህን ሲል ክፋት የለውም፤ ማበርታቱ ነው። ልጁ የሚሰማው ግን «ያንተ ችግር ችግር አይደለም» የሚል ነው። ሁለተኛ አይናገርም። ከዚያ ላይ «ልጅ ያቦካው ለእራት አይበቃም» እና «ዝም አይነቅዝም» እያሉ ያሳደጉን ሰዎች ነን። ዝምታን እንደ ጨዋነት ተምረናል። ትልልቆቹ ሆዳችንን የምንተነፍሰው ቡና ላይ ነው፤ እዚያ ደግሞ መጀመሪያ የምንለው «ልጆች፣ ውጪ ተጫወቱ» ነው። እነሱስ የት ይተንፍሱ?

ፊት ለፊት አስቀምጦ መመርመር ብዙ ጊዜ አይሠራም። ጎን ለጎን ሲሆን ይቀላል፦ ሲላጥ፣ ልብስ ሲታጠፍ፣ ታክሲ ሲጠበቅ። ያየነውን ብቻ መናገር ጥሩ መጀመሪያ ነው። «ሰሞኑን ፊትሽ ጠቆር ብሎብኛል።» «ኳስ መሄድ ትተሃል፤ ምነው?» ከዚያ ዝም። ዝምታው ያስጨንቃል፤ ቻሉት። ልጁ መናገር ከጀመረ በኋላ ደግሞ ምክር አትቸኩሉ። «ከባድ ነው እኮ። ብቻህን ነው የተሸከምከው» ማለት በዚያች ሰዓት ከአሥር ምክር ይበልጣል።

የእህቴ ልጅ ከነገረችኝ በኋላ «አክስቴ፣ ለእማዬ እንዳትነግሪያት» አለችኝ። ልጆች ይህን ይላሉ። የማትጠብቁትን ቃል አትግቡ። እኔም «ብቻዬን አልነግራትም፤ አብረን እንነግራታለን። መቼ እንደሆነ አንቺ ምረጪ» አልኳት። ማታውኑ ተነጋገርን። ሌላ ሰው አልሰማም። የልጅ ምስጢር በማግስቱ ቡና ላይ ከተወራ ያ ልጅ ዳግመኛ አፉን አይከፍትም።

ትምህርት ቤትን በተመለከተ ብዙ የምለው ነበረኝ። አንዱን ልናገር፤ እሱም «ስንተኛ ወጣህ?» የሚለው ጥያቄ ነው። ካርድ ላይ ደረጃ ሲጻፍ 50 ልጅ ባለበት ክፍል 49ኙ አንደኛ አይወጣም። ከዚያ ሚኒስትሪ ይመጣል፤ ከዚያ 12ኛ ክፍል። በ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ተፈታኞች 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 በመቶ ብቻ ነበሩ። በ2015 ዓ.ም. ደግሞ 3.2 በመቶ። ከ100 ልጅ 96 ወይም 97 የሚሆነው ያላለፈበት ፈተና ስለ አንድ ልጅ ስንፍና ብቻ ሊናገር አይችልም። ግን እያንዳንዱ ልጅ ውጤቱን ያየው ለብቻው ነው፤ እያንዳንዱም «እኔ ወደቅሁ» ነው ያለው። ውጤት በሚወጣበት ሰሞን ከልጁ አትራቁ። ከውጤቱ በፊት «ምንም ቢመጣ ቤትህ ቤትህ ነው» በሉት፤ ከውጤቱ በኋላ ሲባል ማጽናኛ ብቻ ይመስለዋል።

ዱላንም አልዘልለውም። አርጩሜ፣ ማንበርከክ፣ በርበሬ ማጠን። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 36 ልጆች በትምህርት ቤትና በማሳደጊያ ተቋማት አካላቸውን ከሚጎዳና ከጭካኔ ቅጣት ነፃ የመሆን መብት እንዳላቸው ይደነግጋል። ከሕጉም ባሻገር ነገሩ አይሠራም። የሚመታ ልጅ የሚማረው መደበቅን ነው። የተደበቀ ልጅ ደግሞ ሲጨንቀው ወደ እኛ አይመጣም።

አጣዳፊ የሚሆነው መቼ ነው?

ልጁ «ብሞት ይሻላል»፣ «እኔ ባልኖር ትገላገሉ ነበር» ካለ፣ የሚወደውን ዕቃ ማደል ከጀመረ፣ ሰውነቱ ላይ ሆን ብሎ ያደረሰው ጉዳት ካያችሁ፣ ወይም ማንም የማይሰማውን ድምፅ ሰማሁ ካለ ቀጠሮ አትጠብቁ። ከ15 እስከ 29 ዓመት ባሉ ወጣቶች ዘንድ ራስን ማጥፋት በዓለም ላይ ሦስተኛው የሞት ምክንያት ነው። ብዙ ሰው በግልጽ መጠየቅ ይፈራል፤ «ሐሳቡን ልሰጠው ነው» ይላል። እንዲያ አይደለም። «ራስህን ለመጉዳት አስበህ ታውቃለህ?» ብሎ በእርጋታ መጠየቅ ሐሳቡን አይፈጥርም። ሐሳቡ ያለበትን ልጅ ያሳርፈዋል፤ ብቻውን መያዙን ያቆማል። ብቻውን አትተዉት። ቤት ውስጥ ያለ መድኃኒትና የተባይ መርዝ ተቆልፎ ወይም ከቤት ወጥቶ ይቀመጥ። ያ ክፉ ስሜት ብዙውን ጊዜ መጥቶ የሚያልፍ ነው፤ እስኪያልፍ ድረስ ልጁን ከአደጋው ማራቅ ሕይወት ያተርፋል። ከዚያ በቅርብ ወዳለው ሆስፒታል ውሰዱት።

አጣዳፊ ባይሆንም ችግሩ ከሰነበተ መነሻው ጤና ጣቢያ ሊሆን ይችላል። አዲስ አበባ ውስጥ አማኑኤልና ቅዱስ ጳውሎስ፣ ክልል ላይ ደግሞ እንደ ጎንደርና ጅማ ያሉ የዩኒቨርሲቲ ሆስፒታሎች የአእምሮ ሕክምና ይሰጣሉ። «አማኑኤል» የሚለውን ስም እንደ ስድብ የምንጠቀምበት ልማድ ስንት ልጅ ከሕክምና እንዳስቀረ ሳስብ ያመኛል። እዚያ የሚጠብቃችሁ በአብዛኛው ጥያቄና ወሬ ነው። ድብርትን የሚያሳይ የደም ምርመራ የለም። ባለሙያው ልጁን ለብቻው፣ ወላጅንም ለብቻው ያነጋግራል። ልጁን ሲያነጋግር ወላጅ ውጪ መጠበቁ የተለመደ ነው፤ አትቀየሙ።

የመጀመሪያው ሕክምና ብዙ ጊዜ ንግግር ነው። ልጁ «ሁሉም ይስቁብኛል» የሚለውን ሐሳቡን ከባለሙያው ጋር ይመረምራል። የሚፈራውንም ነገር በትንሽ በትንሹ መጋፈጥ ይለማመዳል። ከ12 ዓመት በታች ላሉ ልጆች የድብርት መድኃኒት አብዛኛውን ጊዜ አይመከርም። ለጎረምሶች ንግግሩ ብቻውን ካልበቃ ፍሉዎክሰቲን የሚባለው ሊታዘዝ ይችላል። ለውጡ እስኪታይ ሳምንታት ይፈጃል። በተለይ መጀመሪያ ላይ ልጁን በቅርብ መከታተል ያስፈልጋል፤ «ተሻለው» ብሎ በድንገት ማቆምም ልክ አይደለም። የእናትን የእንቅልፍ ክኒን ከፍሎ ለልጅ መስጠት ግን ፈጽሞ አይደረግ።

ጸበል፣ ጸሎት፣ ዱዓ የሚያጽናናው ልጅና ቤተሰብ ይሂድ። ሁለቱ አይጣሉም። አደጋው የሚመጣው ለጸበል ተብሎ የተጀመረ መድኃኒት ሲቋረጥ ነው፤ ወይም ልጁ ሲታሰርና ሲመታ። ለሐኪሙም ለካህኑም እውነቱን ንገሯቸው።

ውጭ አገር ለምትኖሩ አንድ ነገር ልበል። ቋንቋውን ቀድሞ የለመደው ልጅ ለወላጁ አስተርጓሚ ይሆናል፤ በባንክ፣ በትምህርት ቤት፣ በሐኪም ቤት። ስለ ራሱ ጭንቀት ሐኪሙ ሲናገር ግን እሱ ራሱ ለእናቱ መተርጎም የለበትም። አሜሪካ ያላችሁ ሆስፒታሉን ያለ ክፍያ አስተርጓሚ የመጠየቅ መብት አላችሁ። ነገሩ አጣዳፊ ከሆነ እዚያው አሜሪካ ራስን የመጉዳት ሐሳብ ወይም ከባድ ጭንቀት ላለበት ሰው የተዘጋጀው የስልክ መስመር 988 ላይ መደወል ይቻላል።

እህቴ ትምህርት ቤቱ ድረስ ሄዳ አነጋገረች። ጠብ ይዛ አልሄደችም። ውጤቱ ጮክ ተብሎ መነበቡ ቀርቶ ለየልጁ በወረቀት እንዲሰጥ ተስማሙ። ለሁለት ሳምንት ሰኞ ሰኞ እስከ ክፍሉ በር አብራት ሄደች፤ በሦስተኛው እስከ ግቢው በር። ቅጽል ስሙ እስኪረሳ ግን አንድ መንፈቅ ሙሉ ፈጀ። አሁን ልጅቷ አሥረኛ ክፍል ናት። ፈተና ሲቃረብ ሆዷ ዛሬም ይቆርጣታል። «እማዬ፣ ሆዴ ጀመረኝ» ትላለች። እህቴም የያዘችውን አስቀምጣ አጠገቧ ትቀመጣለች። «የበላሽው ነው፣ የፈራሽው?» ትላታለች።